ምስር መስሎኝ፣ ሳንቲም መስሎኝ

ታናሽ እህቴ ከጅዳ ይዛው ከመጣችው ሻንጣ ውስጥ ሳይከፋፈል የቀረው አንድ ትልቅ ዛጎል ብቻ ነው። ብርድ ልብሱም፣ ቴርሞሱም፣ ሽቶውም ለዘመድና ለጎረቤት ታድሎ አለቀ። ዛጎሉ ግን ኮምቦልቻ እናቴ ቤት፣ ቡፌው ላይ፣ ከሲኒዎቹ ጎን ቦታ ተሰጠው። የመጣ እንግዳ ሁሉ አንስቶ ጆሮው ላይ ይለጥፈዋል፤ ልጆች ይጣሉበታል። ባለፈው ክረምት አንድ ቅዳሜ ጠዋት እማዬ ቡፌውን ስትወለውል ዛጎሉን ዘቅዝቃ አራገፈችውና ጥቁሩ ትሪ ላይ ነጭ አሸዋ ተዘረገፈ።

«ይሄን ሁሉ አፈር ተሸክማ ነው የመጣችው?» አለች።

እህቴ ከጓዳ ሆና «አፈር አይደለም እማ፣ ወላሂ የባሕር አሸዋ ነው» ስትል መለሰች።

የኔ ሥራ የውሃ ጉድጓድ ነው። ማሽኑ እየቆፈረ የሚተፋውን ፍርፋሪ አጥቤ አያለሁ፤ ይሄ ባዛልት ነው፣ ይሄ ሸክላ አፈር ነው፣ ይሄ ውሃ ያዘለ ጠጠር ነው እያልኩ እመዘግባለሁ። ስለዚህ አሸዋ ባየሁ ቁጥር ጣቴን በምራቄ አርሼ ማንሳት ልማድ ሆኖብኛል። ከኪሴ የማትለየውን 10 እጥፍ የምታጎላ ሌንስ አወጣሁና ትሪው ላይ አቀረቀርኩ። የወንዞቻችን አሸዋ የድንጋይ ስብርባሪ ነው፤ ይሄኛው ግን አብዛኛው አንድ ጊዜ ሕይወት የነበረው ነገር ነው። የኮራል ቁራጭ አለ፣ ከሰሊጥ የማይበልጥ ቀንድ አውጣ አለ፣ የባሕር ጃርት እሾህ አለ። በመሃላቸው ደግሞ አምስት ነጫጭ ክቦች። ትልቁ የሸሚዝ አንገት ቁልፍ ያህላል። ስስ ነው፣ ወተት የመሰለ ነጭ ነው፣ ላዩ ላይ ከመሃል ወደ ዳር እየሰፉ የሚሄዱ ቀለበቶች አሉት።

አፌ ላይ የመጣው ቃል «ኑሙላይት» የሚል ነበር፤ ድንጋይ ውስጥ የሚገኝ፣ ሳንቲም የሚመስል የጥንት ባሕር ቅሪተ አካል ነው። ወዲያው ራሴን ያዝኩ። ይሄን ስሕተት ከዚህ በፊት ሠርቼዋለሁ፣ ውጤትም አጥቼበታለሁ።

ዩኒቨርሲቲ ሦስተኛ ዓመት እያለን የቅሪተ አካል ላብራቶሪ ነበረን። በየትሪው ላይ ቁጥር የተጻፈባቸው ናሙናዎች ይደረደራሉ፣ እኛ እየዞርን ወገናቸውን እንጽፋለን። ከግብፅ ጊዛ የመጣ ድንጋይ ነበር፤ ሳንቲም የሚያካክሉ ክቦች እንደ ሙዳይ ክዳን ተለጣጥፈውበታል። አጠገቡ በትንሽ ብርጭቆ ሰሃን የዛሬ ባሕር ነጫጭ ክቦች ተቀምጠዋል። ያም ክብ፣ ይሄም ክብ፤ ያም ጠፍጣፋ፣ ይሄም ጠፍጣፋ። «ሁለቱም አንድ ወገን ናቸው፤ አንዱ የሞተው፣ አንዱ ያለው» ብዬ በኩራት ጻፍኩ። መምህራችን ወረቀቱን ሲመልሱልኝ የስሕተት ምልክት አላደረጉበትም። ዳሩ ላይ በእርሳስ አንዲት ቃል ነበረች፦ «ቆርጠሃል?»

አልቆረጥኩም ነበር።

የሚያጽናናኝ ነገር ያገኘሁት ከዓመታት በኋላ ነው። ይሄንኑ ስሕተት ከኔ በጣም የሚበልጥ ሰው ሠርቶታል። (ዓመታቱን ሁሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው የምጽፈው።) በ1761 የዴንማርክ ንጉሥ ስድስት ሰዎችን ወደ ዓረብ ምድር ላከ። ከነሱ አንዱ ፔተር ፎርስኮል የተባለ፣ የስዊድናዊው የዕፅዋትና የእንስሳት ሊቅ የሊኔየስ ተማሪ የነበረ የተፈጥሮ ተመራማሪ ነው። ግብፅ ገቡ፣ ከስዊዝ በመርከብ ተነስተው በ1762 መጨረሻ ጅዳ ሰነበቱ፣ ከዚያ ወደ የመን ወረዱ። ፎርስኮል በ1763 የመን ውስጥ በወባ ሞተ። ከስድስቱ በሕይወት አገሩ የገባው ካርስተን ኒቡር ብቻ ነው፤ የጓደኛውን ማስታወሻ ሰብስቦ በ1775 ያሳተመው እሱ ነው። በዚያ ጽሑፍ ውስጥ የጊዛው የድንጋይ ሳንቲምም፣ ዛሬ ሶራይትስ የምንለው የባሕር ክብም በአንድ ስም ነው የተጠሩት፦ ናውቲለስ። ናውቲለስ ማለት ቅርፊቱ ጥምዝምዝ ሆኖ በውስጡ ክፍል ክፍል ያለው፣ የኦክቶፐስ ዘመድ የሆነ የባሕር እንስሳ ነው። ፎርስኮል ሌንሱን አድርጎ አየና ክፍል ክፍል ያለው ጥምዝ ነገር አገኘ። በዘመኑ ለዚያ የሚሆን ስም ያ ብቻ ነበር። እኔ ያለፍኩበትን መንገድ እሱ 200 ዓመት ከምናምን ቀድሞ አልፎበታል፤ ከዚያም በላይ፣ ሁለቱንም ያለ ጥሩ ማይክሮስኮፕና ያለ ብርጭቆ ወረቀት።

የጊዛው ሳንቲም ታሪክ ከዚያም ይረዝማል። ከ2,000 ዓመት በፊት ግብፅን የጎበኘው ግሪካዊው ስትራቦ፣ ፒራሚዶቹ ፊት ለፊት በተከመረው የድንጋይ ፍርፋሪ ውስጥ ቅርጹም መጠኑም ምስር የሚያክል ነገር እንዳየ ጽፏል። የአገሬው ሰው የነገረው ከሠራተኞቹ ምግብ የተረፈ ምስር ድንጋይ ሆኖ ነው ብሎ ነው። ስትራቦ ወሬውን አላጣጣለውም፤ ግን የትውልድ አገሩ ጶንጦስ ውስጥም ምስር በሚመስል ድንጋይ የተሞላ ኮረብታ እንዳለ ጨመረበት። እዚያ ፒራሚድ የሠራ የለም። ይቺን ጭማሪ እወዳታለሁ። ቤታችን ምስር በትሪ ላይ ሲለቀም ጠጠር ይወጣለታል፤ እዚያ ደግሞ ጠጠሩ ራሱ ምስር ሆኖ አረፈው። ፈረንሳዊው ተመራማሪ ላማርክ በ1801 ኑሙላይትስ ያላቸው በላቲን «ትንሽ ሳንቲም» ከሚለው ቃል ወስዶ ነው።

ምስርም ሳንቲምም ናውቲለስም አይደሉም። ፎራሚኒፌራ ናቸው፤ አንድ ሴል ብቻ ያላቸው ፍጥረታት። ልብ የላቸው፣ ሆድ የላቸው፣ ዓይን የላቸው። ያለችው አንዲት ሴል ከባሕር ውሃ ኖራ እየለቀመች ቤት ትሠራለች፤ ስታድግ ሌላ ክፍል ትቀጥላለች፤ በክፍሎቹ መካከል ቀዳዳ ትተዋለች። ስማቸውም «ቀዳዳ ተሸካሚ» ማለት ነው። ስሙን ያወጣላቸው ፈረንሳዊው ዶርቢኒ በ1826 ገና ከናውቲለስ ዘመዶች አላወጣቸውም ነበር። በናውቲለስ ክፍሎች ውስጥ የሚያልፈውን ቱቦ እነዚህ ስለሌላቸውና በፋንታው ቀዳዳ ብቻ ስላላቸው ለየት ያለ መደብ ሰጣቸው እንጂ። ከዘጠኝ ዓመት በኋላ ዱጃርዳን የተባለ ሌላ ፈረንሳዊ በሕይወት ያሉትን ይዞ ተመለከተ። ከቅርፊቱ የሚወጣው እጅ ወይም እግር ሳይሆን እየፈሰሰ የሚዘረጋና የሚሰበሰብ ክር መሆኑን አየ። ጉዳዩ እዚያ ላይ ማለቅ ነበረበት። አላለቀም፤ ያላለቀው ደግሞ በአንድ የበርሊን ሰው ምክንያት ነው፤ እሱ ጋ እመለሳለሁ።

ቤታቸውን ከምን ይሠሩታል የሚለው ለረጅም ጊዜ የምደባቸው ዋና ቁልፍ ነበር። መጽሐፎቹ በከባድ ስሞች ያስቀምጡታል፤ እኔ ግን በቤታችን ዕቃ ነው የማስታውሰው። አንዳንዶቹ ምርጊት ናቸው፦ የአሸዋ ቅንጣትና ያገኙትን ስብርባሪ ለቅመው እርስ በርስ ያጣብቁታል። አንዳንዶቹ ብርጭቆ ናቸው፤ ኑሙላይት ከነሱ ነው። አንዳንዶቹ ደግሞ ሲኒ ናቸው፤ የጅዳው ክብ ከነዚህ ወገን ነው። በባለሙያዎቹም ቋንቋ ስማቸው የተወሰደው ሲኒ ከሚሠራበት ከፖርሴሊን ነው፤ ንጽጽሩ የኔ ፈጠራ አይደለም።

ሲኒው ለምን ነጭ ሆነ? ግድግዳው ማግኒዥየም በበዛበት ካልሳይት ከተሠሩ እጅግ ደቃቅ መርፌዎች ነው የተሠራው። መርፌዎቹ ጭቃ ውስጥ እንደተበተነ ጭድ ወዲያና ወዲህ ተጋድመዋል። ብርሃን ሲገባ በየመርፌው እየተጋጨ ይበተናል፣ ስለዚህ ወተት መስሎ ይታየናል። በብርጭቆዎቹ ላይ ክሪስታሎቹ በሥርዓት የተደረደሩ ስለሆኑ ብርሃን አሳልፈው ያሳያሉ፤ ግድግዳቸውም በጥቃቅን ቀዳዳዎች እንደ ወንፊት የተበሳሳ ነው። ሲኒው አይበሳም። አሠራሩም ይለያያል ይባላል። ብርጭቆ ሠሪዎቹ መጀመሪያ ስስ ስልባቦት ይዘረጉና ኖራውን እሱ ላይ ያጋግራሉ። ሲኒ ሠሪዎቹ ግን መርፌዎቹን ሴላቸው ውስጥ አዘጋጅተው ወደ ውጭ ያጓጉዛሉ ተብሎ ለረጅም ጊዜ ተምረናል። ይሄ ሁለተኛው በቅርብ ዓመታት ጥያቄ ተነስቶበታል፤ እዚያው ቦታው ላይ ከውስጥ እየረጋ ነው የሚሠራው የሚሉ አሉ። ስለዚህ እንደ ድሮው በድፍረት አልናገረውም።

ከዚህ ሁሉ ለኔ ጎልቶ የሚታየኝ ቀጥሎ ያለው ልዩነት ነው። ኑሙላይትና ዘመዶቹ አዲስ ክፍል በጨመሩ ቁጥር የክፍሉ የውጭ ሽፋን ተዘርግቶ የቆየውን ቤት በሙሉ ያለብሰዋል። ጓሮ አንድ ሰርቪስ ክፍል በሠሩ ቁጥር ዋናውን ቤት ከነጣሪያው እንደገና ማስለሰን ማለት ነው። በዚያ ላይ የኑሙላይት ዙር የቀደመውን ዙር ከላይም ከታችም ያቅፈዋል። መሃሉ እየወፈረ፣ እየወፈረ ይሄድና ምስር ይሆናል። ሲኒው ክብ እንዲህ አያደርግም። አዲሱ ክፍል የሚያያዘው ካለፈው ጠርዝ ጋር ብቻ ነው፤ አሮጌው ባለበት ይቀራል። ስለዚህ መሃሉ ስስ ነው፣ ዳሩ ወፈር ይላል። ላብራቶሪ ውስጥ ሁለቱን በጣቴ መሃል ብይዛቸው ኖሮ ያለ ማይክሮስኮፕም ልለያቸው እችል ነበር። መሃሉ ያበጠና መሃሉ የሰረጎደ። ዓይኔ ክብነታቸው ላይ ተጣበቀ እንጂ።

ወደ ትሪው ልመለስ። በዚያ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ቡና እስኪፈላ ድረስ ከአምስቱ አንዱን መረጥኩ። አናጺዎች ብርጭቆ ወረቀት የሚሉትን፣ ከሁሉ ደቃቁን ዓይነት አረጠብኩና ክቡን በሌባ ጣቴ ጫን አድርጌ በዝግታ ፈገፈግሁት። ሲኒን በብርጭቆ መፈግፈግ መሆኑ ያሳቀኝ በኋላ ነው። ከሁለት ደቂቃ በኋላ የላዩ ክዳን ተነሳና ቤቱ ተከፈተ። ከስልኬ ጋር የሚገናኝ ርካሽ ማይክሮስኮፕ አለኝ፤ አስጠጋሁት።

እህቴ በትከሻዬ አሻግራ አየችና «ሰፌድ!» አለች።

ልክ ናት። እንጀራ የሚጋገረው ከዳር ወደ መሃል ነው፤ ሰፌድ ግን ከመሃል ይጀመርና ወደ ዳር ይዞራል። ይሄም እንደዚያ ነው። መሃሉ ላይ ጥቂት ክፍሎች ጥምዝ ብለው ይነሳሉ። ቀጥሎ ክፍሎቹ እንደ ማራገቢያ እየሰፉ ይሄዳሉ፣ ጫፎቻቸው ወደ ኋላ ይታጠፋሉ፣ በመጨረሻ ጫፍና ጫፍ ይገናኛሉ። ከዚያ ወዲያ እያንዳንዱ አዲስ ክፍል ሙሉ ቀለበት ነው። ቀለበቱ ግን አንድ ወጥ አዳራሽ አይደለም፤ በአጫጭር መከፈያዎች በብዙ ጓዳ የተከፋፈለ ነው። ከአንዱ ቀለበት ጓዳ ወደ ቀጣዩ የሚያሻግሩት መተላለፊያዎች ቀጥ ብለው አይሄዱም፤ ግራና ቀኝ እየተጋደሙ ይተላለፋሉ። ሰፌድ ላይ በአክርማው መሃል ክሩ እንደሚመላለስ። ግድግዳው ስለማይበሳ ሴሏ ክሮቿን ወደ ውጭ የምትዘረጋው በዳሩ ላይ በተደረደሩት አፎች ብቻ ነው። ቀለበት መሥራቷ ለዚህ ይጠቅማታል፤ ዳሩ ሁሉ በር ይሆናል።

ክቡ ሶራይትስ ይሁን ወይም አምፊሶረስ የሚባለው ዘመዱ ለማወቅ የእነዚህን አፎች ረድፍ መቁጠር ነበረብኝ። ሶራይትስ አንድ ፎቅ ነው፤ ዳሩን ቢያዩት አፎቹ በአንድ መስመር ናቸው። አምፊሶረስ ግን ሁለት ፎቅ ነው፤ ሁለት ረድፍ አፍ አለው፤ የላይኛውና የታችኛው እየተፈራረቁ። በጠፍጣፋው ካዩዋቸው አንዱን ካንዱ መለየት ያስቸግራል። ክቡን በጠርዙ ማቆም ያስፈልግ ነበርና ከእማዬ ሊጥ ቆንጥሬ ተከልኩት። (ሊጡን ስትፈልግ የተባለውን እዚህ አልጽፈውም።) ሁለት ረድፍ። አምፊሶረስ ነው።

ከቀይ ባሕር የሚታወቀው ይሄ ዝርያ ሙሉ ስሙ አምፊሶረስ ሄምፕሪኪ ነው፤ ስሙ ውስጥ የሞተ ሰው አለ። ቪልሄልም ሄምፕሪክና ክርስቲያን ኤረንበርግ የሚባሉ ሁለት ወጣት ጀርመናውያን ጓደኛሞች በ1820 ተነስተው ግብፅን፣ ሲናን፣ የቀይ ባሕርን ዳርቻ እያሰሱ አምስት ዓመት ዞሩ። አብረዋቸው ከወጡት አብዛኞቹ በበሽታ አለቁ። ሄምፕሪክ በሰኔ 1825 ምጽዋ ላይ በትኩሳት ሞተ፤ 29 ዓመቱ ነበር። ኤረንበርግ ሳጥኖቹን ይዞ በርሊን ገባ። በ1839 ሶራይትስንና አምፊሶረስን ለዓለም ያስተዋወቀው፣ የጓደኛውንም ስም እዚያች ክብ ላይ ያስቀመጠው እሱ ነው። የቤተሰቡ ስም አውጪ ሆኖ እስከ ዛሬ የሚጠቀሰው እሱ ነው።

እመለስበታለሁ ያልኩት የበርሊን ሰውም እሱ ነው። ዱጃርዳን ቀላል ፍጥረት ነው ያለውን አልቀበል አለ። እሱ በማይክሮስኮፑ ያየው በመቶ የሚቆጠሩ ጓዳዎችን ነው፤ በየጓዳው አንድ አንድ እንስሳ ያለ መሰለው። ስለዚህ ክቡን አንድ ፍጥረት ሳይሆን መንደር ነው አለና ብራዮዞዋ ከሚባሉት፣ በኅብረት ከሚኖሩ የባሕር እንስሳት ጋር መደበው። ውስጡን አይቷል፣ ያየውም እውነት ነበር። ይሄን ሳስብ የመምህሬ «ቆርጠሃል?» ትንሽ ይጎድልባታል። ኤረንበርግ ከኔ በተሻለ አይቷል፤ የተሳሳተው ብዙ በር ያለው ቤት ብዙ ባለቤት ሊኖረው ይገባል ብሎ ነው። ይሄ ዓይነት ስሕተት የብልህ ስሕተት ነው፤ የኔው ግን የስንፍና ነበር።

ከዚህ የባሰም አለ። በ1910ዎቹ ራንዶልፍ ኪርክፓትሪክ የሚባል የብሪታንያ ሙዚየም ባለሙያ ኑሙላይት ማየት ጀመረና ማቆም አቃተው። መጨረሻ ላይ የእሳተ ገሞራ ድንጋይ ሳይቀር የምድር ድንጋይ በሙሉ ከኑሙላይት የተሠራ ነው ብሎ በራሱ ገንዘብ አሳተመ። ኮምቦልቻ ላይ ባዛልት ስቆፍር የምውል ሰው እንደመሆኔ፣ አንዳንድ ቀን እውነት በሆነ ብዬ እመኛለሁ። ኖራ ድንጋይ ለመቆፈር ይቀላል።

ለምን ሁለት ሩቅ ወገኖች አንድ ዓይነት ክብ ሆኑ? መልሱ ብርሃን ነው። የጅዳው አምፊሶረስ በሕይወት ሳለ ነጭ አልነበረም፤ ወደ ቡናማ ያደላ ነበር። ጓዳዎቹ ውስጥ አልጌ ያረባል፤ ከኮራል ጋር ከሚኖሩት ጋር የሚዛመድ ዓይነት። አልጌው ከፀሐይ ምግብ ይሠራል፣ ሴሏ ትካፈላለች፤ በምላሹ መጠለያ ትሰጠዋለች። ብዙ ጊዜ የሚገኘው ጥልቀት በሌለው ባሕር፣ የባሕር ሣር ቅጠል ላይ ተለጥፎ ነው። ለፀሐይ ቤት የሚሠራ ሰው ጠፍጣፋና ሰፊ አድርጎ መሥራቱ አይቀርም። የሲኒው ግድግዳ ብርሃን ስለሚያግድ በየጓዳው ላይ ያለው ክዳን ስስ ተደርጎ እንደ መስኮት ያገለግላል። ብርጭቆዎቹ ያ ችግር የለባቸውም፤ በሕይወት ያሉት የኑሙላይት ዘመዶች ዲያቶም የሚባለውን ሌላ ዓይነት አልጌ ነው የሚያስጠጉት። በዚህ ላይ ሲኒዎቹ እንኳ እርስ በርስ አይስማሙም። የአምፊሶረስ ዘመድ የሆነው ፔኔሮፕሊስ ቀይ አልጌ ያስጠጋል፤ አርካያስ ደግሞ አረንጓዴ። ተከራይ መርጦ ማስገባት ነው።

ኑሙላይትን ለመክፈት ሌላ ዘዴ አለ፤ የሚያስደስት ነው። እሳት ላይ ያግሉትና ቀዝቃዛ ውሃ ውስጥ ይጥሉታል፤ ጠብ! ብሎ በወገቡ ለሁለት ይከፈላል። ውስጡ ቀለበት የለም፤ እንደ ሰዓት ሞላ የተጠመዘዘ አንድ ረጅም መስመር ነው፣ በተደጋጋሚ ግድግዳ የተከፋፈለ። በየዙሩ ጠርዝ ላይ ወፍራም ገመድ የመሰለ ነገር ይዞራል፤ ገመዱ ውስጥ የቱቦዎች መረብ አለ። ይሄ ገመድ የቤተሰቡ መታወቂያ ነው። ሲኒዎቹ የላቸውም።

ስለ መጠናቸውም አንድ ነገር ሰዎችን ሲያታልል ኖሯል። በአንድ ድንጋይ ውስጥ ትልልቅና ትንንሽ ኑሙላይቶች አብረው ይገኛሉ፤ ለእያንዳንዳቸው የተለየ የዝርያ ስም ተሰጥቷቸው ነበር። ሲቆረጡ ትልቁ የተነሳው ከኢምንት ክፍል፣ ትንሹ የተነሳው ከትልቅ ክፍል ሆኖ ተገኘ። በ19ኛው ክፍለ ዘመን ማብቂያ ላይ ነገሩ ተፈታ፤ አንድ ዝርያ ናቸው፣ አንዱ ትውልድ በወንድና ሴት ሕዋስ ውሕደት የተወለደ፣ ሌላው ወላጁ ተከፋፍሎ የወለደው። ከጥንዶቹ ትልቁ በአንዳንድ ዝርያ ከ10 ሳንቲ ሜትር በላይ ያድግ ነበር። አንድ ሴል፣ የሻይ ማስቀመጫ ሰሃን ያህል።

ጓደኞቼ «እኛ አገር የለም ወይ?» ይሉኛል። መቀሌ ቤት የሚሠሩበት የሕንጣሎ ኖራ ድንጋይ ውስጥ ኑሙላይት ቢፈልጉ አያገኙም። ያ ድንጋይ በዳይኖሰሮች ዘመን፣ በጁራሲክ የተዘረጋ ባሕር ነው፤ ኑሙላይት ገና አልነበረም። የራሱ ፎራሚኒፌራዎች አሉት፤ እነሱ ግን ድንጋዩ 0.03 ሚሊ ሜትር እስኪሳሳ ተፈግፍጎ ካልታየ አይገኙም። ባለሳንቲሙ ድንጋይ የሚፈለገው ሶማሌ ክልል፣ ኦጋዴን ምሥራቁ ላይ ነው፤ እንደ ጊዛው ድንጋይ ከኢዮሲን ዘመን የተረፈ የኖራ ድንጋይ እዚያ አለ። ጊዛ ላይ ያለው ከ40 ሚሊዮን ዓመት በላይ ዕድሜ አለው።

እኔ ተማሪ በነበርኩበት ጊዜ ምርጊት፣ ሲኒ፣ ብርጭቆ ብሎ መመደብ የመጨረሻው ቃል ነበር። ከዚያ ዲኤንኤ መጣ። በ2013 ፓውሎቭስኪና ባልደረቦቹ ባቀረቡት አመዳደብ ባለብዙ ክፍሎቹ በሁለት ትልልቅ መደቦች ተለዩ፤ የተለዩት ግን በግድግዳቸው አይደለም። ምርጊት ተብለው ለብቻቸው ይኖሩ የነበሩት ብዙዎቹ ከብርጭቆዎቹ ጋር ተቀላቀሉ፤ ክፍሎቻቸው እንደ ኳስ ድብልብል ያሉ ናቸው። ሌላው መደብ ቢያንስ በልጅነታቸው ቱቦ የሚሠሩት ናቸው፤ ሲኒዎቹ ያሉት እዚህ ነው። ሚሊያሚና የሚባል አንድ ዓይነት ደግሞ አለ፦ ግድግዳው የለየለት ምርጊት፣ በአሸዋ የተሠራ፤ ዘሩ ሲመረመር ግን ከሲኒዎቹ ቤት ወጣ። ይሄን ሳነብ ለመምህሬ መደወል አማረኝ። ቆርጦ ግድግዳውን ማየትም አይበቃም ነበር።

እና የጅዳው ክብ የቱ ጋ ነው ቱቦው? ሠላሳ ቀለበት ሁሉ ጓዳ በጓዳ ነው፤ ቱቦ የሚመስል ነገር የለውም። ወደ መሃል ሄድኩ። ብርጭቆ ወረቀቱን ጥዬ የሎሚ ጭማቂ በጥጥ ጫፍ ነካ ነካ አደረግሁበት፤ ኖራ ስለሆነ በትንሹ ፈላ። አጠብኩት። የማይክሮስኮፑን የመጨረሻ ጉልበት ሰጠሁት። መጀመሪያዋ ክብ ክፍል ታየች፤ የአሸዋ ቅንጣት የማታክል። ከሷ ጎን፣ አንገቷ ላይ እንደ ነጠላ ጥምጥም ብሎ፣ አንዲት አጭር ቱቦ። ባለሙያዎቹ ፍሌክሶስታይል ይሏታል። ያ ሁሉ ሰፌድ የሚሰፋው ከሷ በኋላ ነው። የክቡን ወገን የምትናገረው ግን እሷ ናት፤ ከማንኛውም ቀለበት በፊት የተሠራች፣ ዓይን ካልፈለጋት የማያገኛት።

እህቴ ቡናዋን ይዛ መጥታ ቀለበቶቹን ትቆጥር ጀመር። ሠላሳ አራት አለች።

«እንግዲህ ሠላሳ አራት ዓመቱ ነው፣ ጋሼ?»

አይደለም አልኳት። ዛፍ አይደለም፤ በአንድ ዓመት ውስጥ ብዙ ቀለበት ይጨምራል። ዕድሜው ቢበዛ አንድ ሁለት ዓመት ቢሆን ነው። ሲወልድ የመጨረሻዎቹ ቀለበቶች ሰፋ ብለው ይሠሩና ልጆቹ እዚያ ይፈጠራሉ፤ ወላጁ ያለውን ሥጋ በሙሉ፣ ከነአልጌው፣ ለነሱ አካፍሎ ይሰጣል። ሲወጡ የሚቀረው ባዶ ሲኒ ነው። እኛ ያገኘነው ያንን ይሆናል።

ዝም ብላ ቆየች። «እኔ እዚያ ስድስት ዓመት ነበርኩ» አለች በመጨረሻ። «ባሕሩን ያየሁት ግን ሁለት ጊዜ ነው። ዛጎሉን ያነሳሁት በሁለተኛው ነው።»

የቆረጥኩት መሃሉ ላይ ተሰንጥቆ ለሁለት ሆነ፤ ሎሚው በዛበት መሰለኝ። ሁለተኛውን ላነሳ ስል እጄን ያዘችኝ።

«እነዚህን እንኳ አትቁረጥብኝ።»

አራቱን በወረቀት ሰብስባ፣ ከአሸዋው ጋር ወደ ዛጎሉ መለሰቻቸው። እማዬ እያየቻት ነበር፤ ምንም አላለችም። ትሪውን ወልውላ ሲኒዎቹን ደረደረች።